ፊት የሌላቸው አዋቂዎች

«ሜክሲኮ» ሲባል አብዛኞቻችን ቶሎ ትዝ የሚለን አገሩ ሳይሆን የታክሲ ወረፋው ነው። አዲስ አበባ ላይ አደባባይ የተሰየመለት ያ አገር፣ ፋሺስት ኢጣሊያ በ1936 (ዓመቶቹን ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ነው የምጠቅሰው) ኢትዮጵያን ስትይዝ «ይህን ወረራ አልቀበልም» ካሉት ጥቂት አገሮች አንዱ ነበር። በሜክሲኮ ሲቲም «ኢትዮጵያ» የሚባል አደባባይና የምድር ውስጥ ባቡር ጣቢያ አለ። እንግዲህ አደባባይ ተለዋውጠናል። ተረት ግን ብዙም አልተለዋወጥንም።

ለዛሬ ከዚያ አገር አንድ ሰው ላስተዋውቃችሁና በእሱ ሰበብ አንድ ጥያቄ ላንሣ። ሰውዬው ካርሎስ ኤንሪኬ ታቦአዳ ይባላል። የፊልም ደራሲና ዳይሬክተር ነበር። ሙያው ባጭሩ ሲነገር ሰው ማስፈራራት ነው። ጥያቄዬ ደግሞ ይህች ናት፤ አንዲት ሕፃን የዋሸችው ውሸት ሰው ቢያስገድል፣ ተጠያቂው ማን ነው?

ጥያቄዋ ቀላል ትመስላለች። ቆይታችሁ ታዩአታላችሁ።

በመጀመሪያ ስለ ሰውዬው። ታቦአዳ በ1929 ሜክሲኮ ሲቲ ውስጥ ተወለደ። ወላጆቹ ተዋንያን ነበሩ። በ1950ዎቹ ለቴሌቪዥን፣ ከዚያም ለሲኒማ መጻፍ ጀመረ። ጊዜው የሜክሲኮ ሲኒማ «ወርቃማ ዘመን» የሚባለው እያበቃ፣ በርካሽ ዋጋ በጥድፊያ የሚሠራ ፊልም ገበያውን የያዘበት ነው። ፊቱን በብር ቀለም ጭንብል የሸፈነው ኤል ሳንቶ የተባለ ነፃ ትግል ተፋላሚ ከቫምፓየርና ከጭራቅ ጋር እየታገለ ሲጥላቸው፣ ሕዝቡ በጭብጨባ አዳራሹን ያናጋ ነበር። ደም መጣጩ የፕላስቲክ ክንፍ አለው፤ ክንፉ የታሰረበት ክር አንዳንዴ ይታያል። ማን ግድ አለው!

የዚያን ዘመን አሠራር ለመረዳት አንድ ነገር ልንገራችሁ። ኤስቱዲዮስ አሜሪካ በሚባለው ስቱዲዮ የሚሠሩት ባለሙያዎች፣ በሠራተኛ ማኅበራቱ ክፍፍል ምክንያት፣ ሙሉ ፊልም እንዲሠሩ አይፈቀድላቸውም ነበር። የተፈቀደላቸው አጫጭርና ተከታታይ ክፍል ብቻ ነው። ታዲያ ምን ያደርጋሉ? በተከታታይ ክፍል ስም ይቀርጹና፣ ኋላ ክፍሎቹን ገጣጥመው ሰፍተው ሲኒማ ቤት ያስገቧቸዋል። ኖስትራዳሙስ ስለተባለው ቫምፓየር የተሠሩት፣ ኼርማን ሮብሌስ የተጫወተባቸው ፊልሞች በዚህ መንገድ የተሰፉ ናቸው። ከደራሲዎቻቸው አንዱ ታቦአዳ ነበር። በ1962 የወጣውን «የጠንቋይዋ መስታወት» የተባለ ፊልምም ከአልፍሬዶ ሩዋኖቫ ጋር ጽፎ ቻኖ ኡሩኤታ ነው ያዘጋጀው። ወጣቱ ደራሲ ዓመታትን ያሳለፈው እንዲህ ለሰው እየጻፈ ነው። ስሙን የሚያነብለት ተመልካች የለም፤ ስሙ በሚያልፍበት ሰዓት ሕዝቡ ገና ወንበር እየፈለገ ነው።

ታቦአዳ በራሱ ዳይሬክተርነት መሥራት የጀመረው በ1960ዎቹ አጋማሽ ነው። በዳይሬክተርነት ዘመኑ ብዙ ዓይነት ፊልም ሞክሯል። በ1975 በሠራው «ራፒኛ» (ዘረፋ ማለት ነው) ድሆች ተራራ ላይ ተከስክሶ የወደቀ አውሮፕላን ያገኙና የሟቾቹን ንብረት ይዘርፋሉ። በ1979 ከ1926 እስከ 1929 በመንግሥትና በካቶሊክ አማኞች መካከል ስለተካሄደው የክሪስቴሮ ጦርነት ሠራ። ሕዝቡ እስከ ዛሬ የሚያስታውሰው ግን በአራት አስፈሪ ፊልሞቹ ነው። እነሱም በ1968 «ነፋስ እንኳ ይፈራል»፣ በ1969 «የድንጋይ መጽሐፍ»፣ በ1975 «ከሌሊት የጠቆረ»፣ በ1984 ደግሞ «መርዝ ለተረት እመቤቶች» ናቸው።

በእነዚህ ፊልሞች ውስጥ ክንፍ የለም፣ ክርም የለም። ደምም ብዙ አይታይም። ነፋስ ዛፍ ያወዛውዛል። መስኮት ይገጫል። አንድ ሰው ከሩቅ ስም ይጠራል። የሚያስፈራው ይኸው ነው። በኤል ሳንቶ አገር ይህን ማድረግ ድፍረት ይጠይቃል። ጭራቁን ለማየት ገንዘቡን የከፈለ ተመልካች ጭራቁን አምጣ ይላላ!

እኔን ግን የያዘኝ የነፋሱ ነገር ብቻ አይደለም። ፊልሞቹን ደጋግሜ ሳይ አንድ ነገር ታየኝ፤ በታቦአዳ ዓለም ሙት ያለ ምክንያት አይነሣም። የሚነሣው አቤት ብሎ የሚሰማው ስላጣ ነው።

«ነፋስ እንኳ ይፈራል»ን ውሰዱ። የሴቶች አዳሪ ትምህርት ቤት ነው። ክላውዲያ የምትባል ተማሪ ግንብ ላይ የተሰቀለች ልጅ በሕልሟ ታያለች። እያደር ነገሩ ሲገለጥ፣ ከዓመታት በፊት አንድሬያ የምትባል ተማሪ እዚያው ራሷን ሰቅላ ኖሯል። ለምን? እናቷ በጠና ታማ ነበር፤ ልጅቱ ልሂድና ልያት ብላ ለመነች። በርናርዳ የምትባለው ዳይሬክተሯ ደንብ ደንብ ነው ብላ ከለከለቻት። እናቲቱ ሞተች፣ ልጅቱም ተከተለቻት። ትምህርት ቤቱ ሥራውን ቀጠለ። ደወሉ በሰዓቱ ይደወላል፣ አልጋው በሥርዓት ይነጠፋል። ማንም «ያቺ ልጅ ምን ብላ ነበር?» ብሎ አልጠየቀም። ስለዚህ ልጅቱ ተመልሳ መጣች። በመጨረሻ ግንቡ ላይ ተሰቅላ የምትገኘው በርናርዳ ናት።

«የድንጋይ መጽሐፍ» ውስጥ ደግሞ ሲልቪያ የምትባል ብቸኛ ልጅ አለች። «ጓደኛዬ ሁጎ እንዲህ አለኝ፣ ሁጎ ይህን አስተማረኝ» ትላለች። ሁጎ አትክልቱ ውስጥ የቆመ፣ መጽሐፍ የያዘ የሕፃን የድንጋይ ሐውልት ነው። ቤተሰቡ ልጅቱ አእምሮዋ ተነክቷል ብሎ ይጨነቃል። አስተማሪ ይቀጥርላታል። ድንጋይ ከሰው ይልቅ እንዴት ጓደኛ ሊሆናት እንደ ቻለ ግን የሚጠይቅ የለም።

በ«ከሌሊት የጠቆረ» ኦፌልያ የምትባል ወጣት የሟች አክስቷን ቤት ትወርሳለች። ውርሱ አንድ ቃል አለበት፤ ቤኬር የሚባለውን የአሮጊቷን ድመት መንከባከብ። እሷና ሦስት ጓደኞቿ ገብተው ይኖራሉ፤ ብዙም ሳይቆይ ድመቱ ሞቶ ይገኛል። ከዚያ በኋላ ቤቱ ሰላም የለውም። ይህን ፊልም ለእኛ ሰው ማብራራት አያስፈልግም። አደራ በሉ፤ አለቀ። አደራ ከሰማይ ይርቃል ከምድር ይከብዳል ስንል የኖርን ሰዎች የዚያችን አሮጊት ቁጣ ያለ አስተርጓሚ እንረዳዋለን።

እዚህ ላይ ስለ ፍርሃት አንድ ነገር ልበል። እኛ ልጅን «ጅብ መጣልህ!» ብለን እናስተኛለን። ፍርሃት በአዋቂ እጅ ያለ መሣሪያ ነው፤ ዝም ለማሰኘት ይጠቅማል። ልጁ ዝም ይላል፣ እኛም ወደ ጨዋታችን እንመለሳለን። ታቦአዳ ይህን መሣሪያ ነጥቆ አፈ ሙዙን ወደ አዋቂው አዞረው። በእሱ ፊልሞች ውስጥ የሚያስፈራው ዝም የተሰኘ ድምፅ ተመልሶ ሲመጣ ነው። የፈሩት ይደርሳል የጠሉት ይወርሳል እንደሚባለው፣ በርናርዳ ላይ የደረሰው አልሰማም ያለችው ነገር ነው።

አሁን ወደ ጥያቄዬ ልመለስ። «መርዝ ለተረት እመቤቶች» በተሠራበት ጊዜ ታቦአዳ ዕድሜው እንደኔ ሃምሳዎቹ ውስጥ ነበር። የፊልሙ ታሪክ የሁለት ሕፃናት ታሪክ ነው። ቬሮኒካ እናትም አባትም የላትም። ከታመመች አያቷና ከሞግዚቷ ጋር ትኖራለች። ሞግዚቷ ማታ ማታ ስለ ጠንቋዮች ተረት ትነግራታለች። ፍላቪያ ደግሞ የሀብታም ልጅ ናት፤ ለትምህርት ቤቱ አዲስ ናት። ቬሮኒካ ትቀርባትና «እኔ ጠንቋይ ነኝ» ትላታለች።

ምን ታድርግ? ፍላቪያ አሻንጉሊት አላት፣ ውሻ አላት፣ ቤተሰብ አላት። ቬሮኒካ ያላት ተረት ብቻ ነው። ያላትን አውጥታ አሳየች።

ፍላቪያ መጀመሪያ አላመነችም። ነገር ግን የፒያኖ አስተማሪዋ አስመርራታለች። ቬሮኒካ «እኔ ላስወግድልሽ እችላለሁ» አለቻትና ሁለቱ ልጆች የጥንቆላ ሥርዓት መሰል ጨዋታ ተጫወቱ። አስተማሪዋ ሞተች። በሽተኛ ነበረች፤ አጋጣሚ ነው። እኛ አጋጣሚ መሆኑን እናውቃለን። ፍላቪያ ግን በዚያች ቀን አንዲት ጠንቋይ ጓደኛና አንድ ነፍስ የማጥፋት ኀጢአት አብረው ተጫኑባት። ከዚያ በኋላ ቬሮኒካ የጠየቀችው ሁሉ ይሰጣታል። አሻንጉሊቱን አምጪ፣ ለዕረፍት ወደ ገጠር ስትሄዱ እኔንም ውሰዱኝ፣ ውሻሽን ስጪኝ። በገጠር እርሻቸው ደግሞ ጠንቋዮች የሚጠሏቸውን ክንፍ ያላቸውን ደጋግ የተረት እመቤቶች የሚገድል መርዝ ለመቀመም እንሽላሊትና እባብ፣ የመቃብር አፈር ሲሰበስቡ ይውላሉ። በመጨረሻ ቬሮኒካ ጎተራ ውስጥ መርዟን ስትቀምም፣ ፍላቪያ በሩን ከውጭ ዘጋችና እሳት ለቀቀችበት። ቆማም ጩኸቱን አዳመጠች።

እስቲ አሁን ችሎት እናስችል።

አንደኛ ተከሳሽ ፍላቪያ። እሳቱን የለኮሰች እሷ ናት። ነገር ግን በእሷ ልብ ውስጥ ማንን ነው ያቃጠለችው? ጠንቋይ። ተረቱ ሁሉ ሲያልቅ ጠንቋይዋ ምን ትሆናለች? ትቃጠላለች፤ ልጆቹ ያጨበጭባሉ። ይህች ልጅ ተረት የሚያዝዘውን ነው የፈጸመችው።

ሁለተኛ ተከሳሽ ቬሮኒካ። ዋሽታለች፣ አስፈራርታ ቀምታለች። ውሸቷ ነው የበላት። ይሁንና የዘጠኝና የዐሥር ዓመት ልጅ በሠራችው ጨዋታ የሞት ፍርድ ይገባታል የሚል ዳኛ የት አለ? ደግሞስ ውሸቷን በሚገባ ብታዩት ልመና ነው። «ልብ በሉኝ» ነው የምትለው።

ሦስተኛ ተከሳሽ ሞግዚቷ። ሕፃን ልጅ አጠገቧ አስቀምጣ ስለ ጠንቋይ ምን አዘራዘራት? ይህን ክስ ብዙ ሰው ይወደዋል። የሚያስፈራ ተረት ይታገድ፣ የሚያስፈራ ፊልም ይቅር የሚል ሰው በየዘመኑ አይጠፋም። እኔ ግን ለሞግዚቷ ጠበቃ እቆማለሁ። በዚያ ቤት ውስጥ ለዚያች ልጅ ጊዜ የሰጠች እሷ ብቻ ናት።

ሥነ ጽሑፍ ሳስተምር በነበረበት ዘመን፣ «ኦቴሎ»ን በጸጋዬ ገብረ መድኅን ትርጉም ባነበብን ቁጥር ክፍሉ ከሁለት ይከፈል ነበር። ዴዝዴሞናን የገደላት ኦቴሎ ነው ወይስ ኢያጎ? አንቆ የገደላት ኦቴሎ ነው፤ አሳብዶ ያሳነቀው ኢያጎ ነው። ተማሪዎቼ ይጨቃጨቃሉ። አንዱ የኦቴሎን ጥፋት ከፍ ባደረገ ቁጥር የኢያጎ እንዲቀንስለት ይፈልጋል። ያን ጊዜ የምላቸውን ዛሬም እላለሁ፤ ጥፋት እንደ ዳቦ አይቆረስም። አንዱ ትልቁን ድርሻ ስለወሰደ የሌላው አያንስም። ኦቴሎ ሙሉ በሙሉ ጥፋተኛ ነው፤ ኢያጎም ሙሉ በሙሉ።

በታቦአዳ ፊልም ግን ኢያጎ የለም። ሆን ብሎ ክፉ ያሰበ አንድም ሰው የለም። ታዲያ ይህ ሁሉ ጥፋት ከየት መጣ?

እዚህ ላይ ነው የሰውዬው ጥበብ። ፊልሙ ሲጀመር ካሜራው ከልጆቹ ቁመት ዝቅ ብሎ ይቆምና እስከ መጨረሻው ከፍ አይልም። ፊልሙ የአዋቂ ፊት እንዳይታይ ተደርጎ የተቀረጸ ነው ማለት ይቻላል። እጅ ይታያል፣ ቀሚስ ይታያል፣ ጀርባ ይታያል። ድምፅ ይሰማል፤ «ብይ»፣ «ተኚ»፣ «አሁን አይደለም»። ተመልካቹ መጀመሪያ ላይ ልብ አይለውም። ከዚያ ግራ ይገባዋል። ቆይቶ «ለመሆኑ የዚች ልጅ እናት ምን ትመስላለች?» ብሎ ፊቷን መፈለግ ይጀምራል። አያገኘውም። ልክ ፍላቪያ እንዳላገኘችው።

አራተኛ ተከሳሾቼ እነዚህ ፊት የሌላቸው ናቸው።

«ቆይ እንጂ» የሚለኝ እንዳለ አውቃለሁ። አንድ ወዳጄ ይህን ታሪክ ስነግረው ወዲያው ነው የተቆጣው። «ምን አጠፉ? ልጃቸውን አልደበደቡ፣ አላስራቡ፣ ትምህርት ቤት ልከዋል፣ ፒያኖ አስተምረዋል፣ ለዕረፍት ገጠር ወስደዋል። ወላጅ ሥራውን ጥሎ የልጅ ቅዠት ሲሰማ ይዋል?» አለኝ። ወዳጄ የሦስት ልጆች አባት ነው። ከጠዋት እስከ ማታ ለእነሱ ሲል ይሮጣል። የተቆጣውም በፍላቪያ አባት ብቻ የተነገረ ነገር መስሎ ስላልታየው ነው።

ወዳጄ እውነት አለው። እነዚህ ወላጆች ክፉዎች አይደሉም፤ ክርክሬም የሚቆመው በዚሁ ላይ ነው። ክፉ ቢሆኑ ኖሮ ነገሩ ቀላል ነበር። ክፉ ወላጅ ላይ ፈርደን ቤታችን ገብተን እንተኛለን። ታቦአዳ ግን እንቅልፍ የሚነሳንን መረጠ። ሁሉን ያሟላ፣ አንድ ነገር ብቻ ያጎደለ ቤት አሳየን። ልጅን ማኖርና ልጅን መስማት ሁለት የተለያዩ ሥራዎች ናቸው፤ አንዱ ስለ ሌላው አይከፍልም። ሕግ ጥፋተኛ ሲፈልግ የሚያየው እጅን ነው፤ ማን ለኮሰ፣ ማን ቆለፈ ይላል። ኅሊና ግን ጆሮንም ይመረምራል። ማን ሊሰማ ይችል ነበር? ማን ቢሰማ ኖሮ ይህ አይሆንም ነበር?

መስማት ስል የተባለውን ሁሉ ማመን ማለቴ አይደለም። አባቶቻችን የልጅ ነገር ሁለት ፍሬ፣ አንዱ ብስል አንዱ ጥሬ ይላሉ። ይህን ተረት ብዙ ጊዜ የምንጠቅሰው የልጅን ነገር ለማጣጣል ነው፤ ተውት፣ የልጅ ነገር ነው ለማለት። ተረቱ የሚለው ግን እሱን አይደለም። ግማሹ ብስል ነው ይላል! «ጠንቋይ ጓደኛ አለችኝ» የሚለው ጥሬው ነው። «ፈርቻለሁ፣ ሰው የገደልኩ መስሎኛል፣ ያለኝን ሁሉ እየቀማችኝ ነው» የሚለው ብስሉ ነው። ፊት የሌላቸው አዋቂዎች ጥሬውን አይተው ሁለቱንም ጣሉት።

ምን ሊያደርጉ ይችሉ ነበር? በእኔ እምነት አንዲት ቃል ትበቃ ነበር። «ከዚያስ?» የምትለዋ ቃል። ልጅ «ጓደኛዬ ጠንቋይ ናት» ሲል «እንዲህ የሚባል ነገር የለም» የሚል መልስ በር ይዘጋል። እውነት ነው፣ የለም፤ ግን ልጁን ከእነ ጠንቋዩ ውጭ ይተወዋል። «ከዚያስ?» ያለው ሰው ግን ሁለተኛውን ዓረፍተ ነገር ይሰማል። ከዚያ ሦስተኛውን። አሻንጉሊቱ ጋ ይደርሳል፣ ውሻው ጋ ይደርሳል፣ የፒያኖ አስተማሪዋ ጋ ይደርሳል። ያን ጊዜ ልጅቱን እቅፍ አድርጎ «እሷ በሽተኛ ነበረች፣ አንቺ አልገደልሻትም» ይላታል። የጎተራው በር ሳይዘጋ የሚቀረው በዚህ ነው።

ስለ ሞግዚቷ ጠበቃ እቆማለሁ ያልኩትን ልጨርስ። እኛ ተረት ስንሰማ ያደግን ሰዎች ጭራቁንም፣ ሰው የሚበላውን ጅብም ሰምተናል። ማንንም አላቃጠልንም። ለምን? አንዱ ምክንያት ተረቱ ሲያልቅ «ተረቴን መልሱ፣ አፌን በዳቦ አብሱ» ይባል ስለ ነበር ይመስለኛል። ይህች ቃል ቀልድ ትመስላለች፤ ትልቅ ሥራ ግን ትሠራለች። ልጁን ከጭራቁ አገር ታወጣዋለች። ተረቱ ተረት ነበር፤ አሁን አልቋል፤ እነሆ ምድጃው፣ እነሆ ዳቦው፣ እነሆ እኔ አጠገብህ አለሁ ትላለች። ተረት ነጋሪው ፊት አለው። ልጁ ሲፈራ ቀና ብሎ ያንን ፊት ያያል፤ ፈገግታ ካየበት ይረጋጋል። ቬሮኒካና ፍላቪያ ወደ ተረቱ ገቡ፣ «ተረቴን መልሱ» የሚላቸው ግን ጠፋ። ሳይመለስ የቀረ ተረት ደግሞ እንደዚያ ጎተራ ነው፤ ከውጭ ይቆለፋል።

ዛሬ ልጆቻችን ተረት የሚሰሙት ከስልክ ነው። አንዱ ሲያልቅ ሌላው በራሱ ይጀምራል። ስልኩ ብዙ ያውቃል፣ አይደክምም፣ አይቆጣም። «ተረቴን መልሱ» ግን አይልም። ልጁ ያየውን ፍርሃት ይዞ ሲመጣ እኛም አንገታችንን በየራሳችን ስልክ ላይ ደፍተናል። ከልጁ ቁመት ሆኖ የሚቀርጽ ካሜራ ዛሬ ቤታችን ቢገባ፣ ምን እንደሚያይ ለእናንተ እተዋለሁ። እኔ የሚመስለኝ እጅ ያያል፣ ጀርባ ያያል፣ የሚያበራ መስታወት ያያል።

የታቦአዳ የሥራ ዘመንም ራሱ ከዚህ ታሪክ ጋር ይመሳሰላል። ለረጅም ጊዜ የሚያስፈራ ፊልም «የልጅ ነገር» ተብሎ ይታለፍ ነበር። የተከበረ ሐያሲ የሚጽፈው ስለ አብዮት፣ ስለ ድህነት፣ ስለ ታላላቅ ሰዎች ነው፤ ስለ ሐውልትና ስለ ድመት ማን ይጽፋል? በርካሽ ፊልም መካከል ጥሬው ብዙ መሆኑ እውነት ነው። ብስሉም ግን እዚያው ነበር። ዘግይቶም ቢሆን ሰሙት። «መርዝ ለተረት እመቤቶች» በ1986 አሪኤል የተባለውን የሜክሲኮ ትልቁን የፊልም ሽልማት በምርጥ ፊልምና በምርጥ ዳይሬክተርነት ወሰደ። ለሰው ከመጻፍ ከተነሣ ከሠላሳ ዓመት ገደማ በኋላ መሆኑ ነው። ታቦአዳ በ1997 በስድሳ ሰባት ዓመቱ ሞተ።

ከሞተ በኋላም ፊልሞቹ ዝም አልተባሉም። «ነፋስ እንኳ ይፈራል» በ2007፣ «የድንጋይ መጽሐፍ» በ2009፣ «ከሌሊት የጠቆረ» በ2014 በሌሎች ዳይሬክተሮች እንደገና ተሠሩ። ዛሬ ዓለም በሙሉ የሚያውቀው የሜክሲኮ አስፈሪ ፊልም ሠሪ፣ በ1964 ጓዳላኻራ የተወለደው ጊዬርሞ ዴል ቶሮ ነው። እሱም በ2006 በወጣው «የፓን ላቢሪንቶ» በሚባለው ፊልሙ፣ በ1944 በፍራንኮዋ ስፔን ውስጥ፣ አዋቂዎች የማያምኗትን ነገር የምታይ አንዲት ልጅ ታሪክ ነግሮናል። ጥያቄዋ ሳትመለስ ከትውልድ ወደ ትውልድ እየተሻገረች ነው ማለት ነው።

ፍርዴን ልስጥና ላብቃ። ፍላቪያ ጥፋተኛ ናት፤ እሳት ለኩሳለች። ቬሮኒካም ጥፋተኛ ናት፤ ጓደኛዋን በፍርሃት ገዝታለች። ሞግዚቷ ተረት በመንገሯ ነፃ ናት። ወላጆቹን ግን ነፃ ልለቅቃቸው አልቻልኩም። ምን ቅጣት ይገባቸዋል ብትሉኝ፣ ቅጣቱን ታቦአዳ ራሱ ሰጥቷቸዋል፤ ፊታቸውን ነስቷቸዋል። በገዛ ልጃቸው ታሪክ ውስጥ የሉበትም። አንድ ወላጅ ከዚህ የከፋ ምን ይደርስበታል?

ዛሬ ማታ ልጅዎ መጥቶ የማይመስል ነገር ቢነግርዎ፣ አልጋ ሥር ሰው አለ ቢል፣ ጓደኛዬ ትበርራለች ቢል፣ ጥሬውን ከብስሉ ለመለየት አይቸኩሉ። በመጀመሪያ ፍሬውን ተቀበሉት። ከዚያ ወደ ቁመቱ ዝቅ ብላችሁ፣ ፊታችሁን እያየ፣ «ከዚያስ?» በሉት።